በዕቃው ጀምሩ፦ የሚኒየቸር ትዕይንት ለምትሠሩ ወጣቶች

ውድ ወጣቶች፣

የሚኒየቸር ትዕይንት ማለት ጥቃቅን የሰው ምስሎችን በዕለት ተዕለት ዕቃ ላይ አቁሞ ፎቶ ማንሳት ነው። አብዛኛው ጀማሪ ትንንሾቹን ሰዎች ቀድሞ ይገዛና “የት ላቁማቸው?” ብሎ ዕቃ ፍለጋ ይዞራል። እናንተ በዕቃው ጀምሩ። ጃፓናዊው የሚኒየቸር ፎቶ አንሺ ታትሱያ ታናካ ከ2011 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በየቀኑ አንድ ትዕይንት ያወጣል። ሥራዎቹን ስታዩ ብሮኮሊው ብሮኮሊነቱን ሳይለቅ ዛፍ መሆኑን ልብ በሉ። ዕቃውን በቀለም ከደበቃችሁት የሚቀራችሁ ተራ ሞዴል ነው።

ቀጥሎ ልኬት ይመጣል፤ ብዙ ሥራ የሚበላሸውም እዚህ ላይ ነው። ለሞዴል ባቡር ተብለው የሚመረቱት የሰው ምስሎች በብዛት 1:87 ናቸው (ከእውነተኛው ሰው ቁመት አንድ ሰማንያ ሰባተኛ)፤ የ174 ሴ.ሜ ሰው 20 ሚ.ሜ ይሆናል ማለት ነው። ስለዚህ ዕቃውን በማስመሪያ ለክታችሁ በ87 አባዙት። የጥርስ ብሩሽ ጸጉር 11 ሚ.ሜ ያህል ነው፤ ሲባዛ 96 ሴ.ሜ ገደማ ይመጣል፣ የስንዴ ቁመት። አንዱን የጸጉር ጥቅል በፒንሳ ነቅላችሁ ሰውዬውን በክፍተቱ አቁሙት፤ እስከ ወገቡ ይዋጣል፣ ዓይንም ያምናል። የልብስ ብሩሽ ከሆነና ጸጉሩ 20 ሚ.ሜ ከደረሰ ግን ሰውዬው ይሰወራል። ያኔ ስንዴውን ትታችሁ ሸንበቆ አድርጉት።

ለማቆም ሱፐር ግሉ አልመክርም፤ ትነቱ በሚያብረቀርቅ ነገር ላይ ነጭ ጭጋግ ይጥላል፣ ቦታ መቀየርም አይቻልም። 1 ሚ.ሜ የምታህል ለስላሳ ሰም ከጫማው ሥር ይበቃል። ሰውዬውን በወረንጦ ያዙት እንጂ በጣት አትንኩት።

መብራት አንድ ብቻ ይሁን። ሁለት መብራት ሁለት ጥላ ይጥላል፤ ሁለት ፀሐይ ያለበት ዓለም ደግሞ የለንም።

ሌንሱ በሰውዬው ዓይን ከፍታ፣ ከወለሉ 18 ሚ.ሜ ገደማ ላይ ይዋል። ትልቅ ካሜራ ጠረጴዛ ላይ ሲቀመጥ ሌንሱ ከዚህ በላይ ስለሚሆን ትዕይንቱን በሳጥን ከፍ አድርጉት። በስልክ ከሆነ ስልኩን ገልብጡት፣ ሌንሱ ወደ ታች ይወርዳል። በማክሮ ሌንስ (ጥቃቅን ነገርን አቅርቦ በሚያነሳ ሌንስ) ከቅርብ ስታነሱ ፎከስ የሚሆነው ስስ ንብርብር ብቻ ነው። ንብርብሩ እንዲወፍር አፐርቸሩን (ብርሃን የሚገባበትን የሌንሱን ቀዳዳ፤ የኤፍ ቁጥሩ ሲጨምር ቀዳዳው ይጠባል) ኤፍ 11 ላይ አድርጉት፤ ከኤፍ 16 ካለፋችሁ ብርሃኑ በጠባቡ ቀዳዳ ስለሚበተን ፎቶው በሙሉ ይደበዝዛል። ፎከሱ ለትዕይንቱ ሁሉ ካልበቃ ካሜራውን በትራይፖድ (ባለሦስት እግር ማቆሚያ) ላይ አድርጋችሁ ፎከሱን ከፊት ወደ ኋላ እያንቀሳቀሳችሁ ከ8 እስከ 12 ፎቶ አንሱና በኮምፒውተር አዋህዱት። አትክልት ካለበት ፍጠኑ፤ በሚያሞቅ መብራት ሥር ቅጠሉ ሲጠወልግ ስለሚንቀሳቀስ ፎቶዎቹ አይገጥሙም።

ከማንሳታችሁ በፊት በስክሪኑ አጉልታችሁ እዩ። ግማሽ ሚ.ሜ ብናኝ በዚህ ልኬት ከ4 ሴ.ሜ የሚበልጥ ድንጋይ ነው። በለስላሳ የቀለም ብሩሽ አንሱት፤ እፍ ካላችሁ የሚወድቀው ሰውዬው ነው።