መልስ፦ የጠቆረ የሐረር ብር አምባር

እህቴ፣ «የእናቴ የሐረር ብር አምባር ጠቁሯል፤ በረኪና ውስጥ ልዘፍዝፈው ወይ?» ላልሽው፣ በረኪና በፍጹም አታስነኪው። ክሎሪኑ ብሩን ይጎዳዋል፣ ጭራሽ ያጠቁረዋል። ጥቁሩ ነገር እድፍ ሳይሆን ብሩ በአየር ውስጥ ካለ የሰልፈር ጋዝ ጋር ተዋህዶ የሠራው ሲልቨር ሰልፋይድ ነው።

ጎድጓዳ የሸክላ ሳህን ውስጥ የአሉሚኒየም ፎይል አንጥፊና አምባሩን ላዩ ላይ አስቀምጪ። ፎይሉን ካልነካ አይሠራም። በአንድ ሊትር የፈላ ውሃ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ቤኪንግ ሶዳ (ቤኪንግ ፓውደር አይደለም!) እና አንድ የሻይ ማንኪያ ጨው በጥብጠሽ አፍስሺበት። አሉሚኒየሙ ብሩን ከሰልፈሩ ያላቅቀዋል፤ የተበላሸ እንቁላል ሽታ ከመጣ እየሠራ ነው፣ መስኮት ክፈቺ። ከ5 ደቂቃ በኋላ አለቅልቀሽ በለስላሳ ጨርቅ አድርቂው።

ዶቃ፣ አምበር (ድንጋይ የሆነ የዛፍ ሙጫ) ወይም ክር ያለበትን ጌጥ ግን አትንከሪ። በቅርጹ ስርጉድ ውስጥ ያለው ጥቁረትም አብሮ ይጠፋል፤ ሥራውን የሚያጎላው እሱ ስለሆነ፣ ለእኔ ጉብ ያለውን ብቻ በጨርቅ መወልወል ይሻላል።

አረንጓዴ ካየሽበት መዳብ ነው፣ ይህ ዘዴ ለእሱ አይሆንም። መዳብ ስላለበት ሐሰተኛ ነው ማለት አይደለም፤ የማርያ ቴሬዛ ጠገራ ብር ራሱ 83.3 በመቶው ብቻ ነው ብር። «ጀርመን ሲልቨር» የሚሉት ግን መዳብ፣ ኒኬልና ዚንክ እንጂ ብር የለበትም።