የኮርደር አስከሬን ለምን ተቆራረጠ?

በእንግሊዝ ማሪያ ማርተን የተባለች ሴት ገድሎ የተሰቀለው የዊሊያም ኮርደር አስከሬን ከስቅላቱ በኋላ መቆራረጡ የዳኛው የግል ጭካኔ ነበር ወይ ብለሃል። አልነበረም፤ የሕግ ግዴታ ነበር። በእንግሊዝ ከ1752 ጀምሮ (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) በነፍስ ግድያ የተፈረደበት ሰው እንደ ማንም ሬሳ እንዳይቀበር ተከልክሎ ነበር። ዳኛው የነበረው ምርጫ ሁለት ብቻ ነው፤ ወይ አስከሬኑን ለሐኪሞች መስጠት፣ ወይ በሰንሰለት አስሮ በአደባባይ ማንጠልጠል። መቃብር ማጣት ከሞትም በላይ ያስፈራ ስለነበር ሆነ ተብሎ የተጨመረ ቅጣት ነው።

ስቅላቱ የተቻኮለበትም ምክንያት ይኸው ሕግ ነው። ፍርዱ ዓርብ ነሐሴ 8 ቀን 1828 ተሰጠ፤ ስቅላቱ በሦስተኛው ቀን መሆን ሲገባው እሑድ ስለዋለ ወደ ሰኞ ተላለፈ። በዚያው ቀን በበሪ ሴንት ኤድመንድስ ከተማ የፍርድ ቤት አዳራሽ ሆዱ ተሰንጥቆ ተጋደመ፤ ሕዝቡም በሺዎች እየተሰለፈ በአጠገቡ አለፈ። አስከሬን የመቆራረጡ ቅጣት የቀረው በ1832 ነው።

አንድ ነገር ግን ተጠንቀቅ። በቆዳው መጽሐፍ መጠረዙ እውነት ነው፤ መጽሐፉ ዛሬም በከተማው ሙዚየም አለ። ነገር ግን ያንን ያደረገው አስከሬኑን የቆራረጠው ሐኪም እንጂ ፍርድ ቤቱ አላዘዘም። እኔም ለረጅም ጊዜ የፍርዱ አካል ይመስለኝ ነበር። ደግሞ ስለ እሱ ስትጽፍ ማሪያ ማርተንን አትርሳት፤ በግንቦት 1827 ተገድላ አስከሬኗ እስከ ሚያዝያ 1828 ድረስ ከአንድ ጎተራ ወለል ሥር ቆይቷል።