ስለ ራምሽታይን «ዶይችላንድ» ጠይቁኝ

ሰላም ለሁላችሁ። የጀርመኑ ኢንደስትሪያል ሜታል ባንድ ራምሽታይን እ.ኤ.አ. ማርች 28 ቀን 2019 «ዶይችላንድ» የሚል ነጠላ ዜማ ለቆ ነበር፤ ጀርመን ማለት ነው። ብዙ ጥያቄ ስለመጣልኝ ዛሬ የቻልኩትን ልመልስ።

ጥያቄ፦ ኢንደስትሪያል ሜታል ምንድነው? ለኔ ጩኸት ብቻ ነው።

መልስ፦ ሃሃ፣ ጩኸቱስ አለ። ከባድ ጊታር፣ ፋብሪካ የሚመስል ምትና ሲንተሳይዘር አንድ ላይ ሲሆኑ ነው እንዲህ የሚባለው። «ዶይችላንድ» ራሱ የሚጀምረው የባንዱ ኪቦርድ ተጫዋች ፍላከ በሚጫወተው ኪቦርድ ነው። አንዴ ጭንቅላትሽ ውስጥ ከገባ አለቀልሽ።

ጥያቄ፦ ናዚ ናቸው ይባላል። እውነት ነው?

መልስ፦ አይደሉም። ወሬው ግን ዝም ብሎ አልመጣም። በ1998 ለአንድ ዘፈናቸው ቪዲዮ ሲሠሩ፣ የሂትለር ዘመን ፊልም ሠሪ የነበረችው ሌኒ ሪፈንሽታል የ1936ቱን የበርሊን ኦሊምፒክ ከቀረጸችበት ፊልም ቆርጠው ተጠቀሙ። ሰው ተቆጣ፤ ቢቆጣም አይፈረድበትም። በ2001 «ሊንክስ 2 3 4» በሚለው ዘፈን ልባችን የሚመታው በግራ በኩል ነው ብለው መለሱ፤ በፖለቲካ ግራ እንጂ ቀኝ አክራሪ አይደለንም ማለታቸው ነው። «ዶይችላንድ» ደግሞ አገሩን መውደድ እየፈለገ ያቃተው ሰው ዘፈን ነው። ልውደድሽ ይላል፣ በዚያው አፉ ይረግማታል፣ በመጨረሻም ፍቅሬን ልሰጥሽ አልችልም ይላታል። እስቲ የትኛው ናዚ ነው አገሩን እንዲህ የሚላት?

ጥያቄ፦ ታዲያ ያ ሁሉ ውዝግብ ምን ነበር?

መልስ፦ ማስታወቂያው ነዋ። ቪዲዮው ከመውጣቱ በፊት አጭር ቁራጭ ለቀቁ። የባንዱ አባላት የማጎሪያ ካምፕ እስረኛ ልብስ ለብሰው፣ አንገታቸው ላይ ገመድ ገብቶ ይታያሉ። የአይሁድ ማኅበረሰብ መሪዎችና ፖለቲከኞች በሆሎኮስት ይነገዳል ብለው አወገዙ። እኔም በዚህ ላይ ከተቺዎቹ ጋር ነኝ። ሙሉው ቪዲዮ ላይ ትዕይንቱ ቦታ አለው፣ ከጀርባቸው የሚተኮሰው ሮኬት ራሱ የጉልበት እስረኞች እየሞቱ የሠሩትን የናዚዎቹን ሚሳኤል ቪ2 የሚያስታውስ ነው። ያንን ቆርጦ ለማስተዋወቂያ ማዋል ግን ነውር ነው።

ጥያቄ፦ ቪዲዮው ላይ ያለችው ጥቁሯ ሴትዮ ማን ናት? ንግሥት ነገር ናት?

መልስ፦ ሩቢ ኮሚ ትባላለች፣ የበርሊን ተዋናይት ናት። የምትጫወተው ጌርማንያን ነው፣ ማለትም ጀርመንን ራሷን በሴት አምሳል። ከሮማውያን ዘመን ጀምሮ በመካከለኛው ዘመን፣ በናዚዎቹ፣ በምሥራቅ ጀርመን አልፋ እስከ ጠፈር ትሄዳለች። ለኔ የቪዲዮው ትልቁ ሐሳብ እሷ ናት። አገሪቱን ለራሳቸው ብቻ የሚያደርጉ ሰዎች ጥቁር ሴት ጀርመን ሆና ሲያዩ ምን እንደሚሰማቸው አስበው። ዳይሬክተሩ ስፔክተር በርሊን ይባላል።

ጥያቄ፦ ዘፈኑ 5 ደቂቃ ከምናምን፣ ቪዲዮው ከ9 በላይ። ለምን?

መልስ፦ መሃል ላይ ሙዚቃው ቆሞ ፊልም ብቻ ይሆናል። መጨረሻ ላይ የምትሰማው ፒያኖ ደግሞ ሌላ ዘፈን ነው፣ የ2001ዱ «ዞነ»። ስሞቹ ሲወጡ አትዝጋው።

ጥያቄ፦ ተወዶ ነበር?

መልስ፦ ጀርመን ውስጥ ቁጥር 1 ገብቷል። ከዚያ በፊት የወጣው አልበማቸው የ2009 ስለነበር ሰው ጠምቶት ነበር።

ጥያቄ፦ ከዚህ ቀጥሎ ምን ልስማ?

መልስ፦ «ራዲዮ»ን። እዚያው የ2019 አልበም ላይ አለ። ስድስቱም የምሥራቅ ጀርመን ልጆች ናቸው፤ ዘፈኑም የተከለከለ የውጭ ሙዚቃ ተደብቆ በሬዲዮ ስለመስማት ነው። ከ«ዶይችላንድ» ቀለል ይላል፣ ያስጨፍራልም።