በየቀኑ እየጠጣ የሚጠወልግ አቮካዶ

አንዲት የቂርቆስ ክፍለ ከተማ ነዋሪ ባለፈው ሐምሌ ግቢያቸው ውስጥ አንድ ሜትር ጥልቀት ባለው ጉድጓድ የተዳቀለ የአቮካዶ ችግኝ አስተክለዋል። ተካዩ ከጉድጓዱ ሥር ሁለት ጆንያ እርጥብ ፍግ ጨምሮበታል። አሁን በጥር ወር ቅጠሉ ገርጥቶ፣ ጫፉ እየደረቀ፣ በየቀኑ ውሃ ቢጠጣም ስለሚጠወልግ ማዳበሪያ ይጨምሩለት ወይስ ነቅለው በሌላ ይተኩት እንደሆነ፣ የሚተኩት ከሆነም መቼና እንዴት እንደሚተክሉ ጠይቀዋል።

እመቤቴ፣ ውሃ እየጠጣ የሚጠወልግ አቮካዶ ሥሩ የታፈነ ነው ብዬ እጠረጥራለሁ፤ ስለዚህ ማዳበሪያውን ይተዉት፣ የውሃ ጎማውንም ዛሬውኑ ይዝጉት። ከግንዱ ሁለት ስንዝር ያህል ርቀው አፈሩን በእጅ መኮትኮቻ በቀስታ ገለጥ ያድርጉት። ጤነኛ ሥር ነጣ ያለና ጠንካራ ሲሆን፣ የበሰበሰው ግን ጠቁሮ በጣት ሲነካ ይፈረካከሳል፤ ብዙውን ጊዜም አፈሩ የረግረግ ሽታ አለው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሥር እንደ እኛው ይተነፍሳል፤ የሚተነፍሰውም በአፈር ቅንጣቶች መካከል ባለው ክፍተት ውስጥ የሚገኘውን አየር ነው። ክፍተቱ በውሃ ሲሞላ ኦክስጅን ወደ ሥሩ የሚደርሰው በአየር ውስጥ ከሚጓዝበት 10,000 ጊዜ ያህል በዘገየ ፍጥነት ነው። አቮካዶ ደግሞ ምግብ የሚስቡ ሥሮቹ አብዛኞቹ በላይኛው 30 ሳንቲሜትር አፈር ውስጥ የሚኖሩ፣ ሌሎች ተክሎች ያሏቸው ጸጉር መሰል ሥሮችም እምብዛም የሌሉት በመሆኑ መታፈንን አይችልም። በዋልካ አፈር ላይ ጥልቅ ጉድጓድ ቆፍረው ልል አፈርና ፍግ ሲሞሉበት የሠሩት ማሰሮ ነው፤ የክረምቱ ጎርፍም ሆነ ከአሸንዳው የሚወርደው ውሃ ወደዚያ ይገባል፣ ዙሪያው ዋልካ ስለሆነ ግን ቶሎ አይወጣም። በዚህ ላይ ፋይቶፍቶራ የሚባለው ሥር አበስባሽ ተሕዋስ በውሃ ውስጥ እየዋኘ ከሥር ወደ ሥር ይዛመታል። የሞተ ሥር ውሃ አይስብም፣ ቅጠሉ ይጠወልጋል፣ ባለቤቱ የተጠማ መስሎት ውሃ ይጨምራል። ፍጉም ሲበሰብስ ስለሚሰምጥ ችግኙን ይዞት ይወርዳል፤ የእርስዎም የዳቀላ መጋጠሚያ፣ ማለትም ሁለቱ ተክሎች የተጣበቁበት ቦታ፣ እስካሁን አፈር ውስጥ ሳይገባ አልቀረም። እንዲህ የተተከሉ ስንት ችግኞችን እንደነቀልኩ ቆጥሬ አልጨርሰውም፤ ተካዮቹ ግን ዋጋቸውን ተቀብለው ሄደዋል።

ላይኛው ሥር ነጭ ሆኖ ካገኙት በዝቅተኛው ጎን የውሃ ማፍሰሻ ቦይ ያውጡለት፣ ግንዱን እስከ መጋጠሚያው ይግለጡት፣ አፈሩ አንድ ጣት ያህል ወደ ውስጥ ደርቆ እስኪያገኙት ድረስም አያጠጡት። ሥሩ በሙሉ ከጠቆረ ይንቀሉት፤ በዚያው ጉድጓድ ግን ሌላ አቮካዶ አይተኩበት፣ ተሕዋሱ በአፈሩ ውስጥ ይቆያልና።

ከመቆፈርዎ በፊት አንድ ነገር አደራ እላለሁ። በመሀል ከተማ ግቢዎች ውስጥ የበር መብራት ወይም የሰርቪስ ቤት የኤሌክትሪክ ገመድ ቱቦ ሳይለብስ በስንዝር ጥልቀት ተቀብሮ አግኝቻለሁ። ብሬከሩን ያጥፉ፣ ገመዱ በየት እንደሚያልፍ የሚያውቅ ሰው ይጠይቁ፣ የመጀመሪያውን ሁለት ስንዝር በዲጂኖ ሳይሆን በእጅ መኮትኮቻ ይክፈቱት።

አዲሱን የሚተክሉት በሚያዝያ ነው። ሐምሌ ለተዳፋት መሬት ይሁን እንጂ ለዋልካ ግቢ አይሆንም፤ በጥቅምት ቢተክሉ ደግሞ ሥር ሳይሰድ የኅዳርና የታኅሣሥ ውርጭ ይይዘዋል። በሚያዝያ የተተከለ ግን ክረምቱ ከመግባቱ በፊት ሁለት ወር ያህል ያገኛል፤ ዝናቡ ከቀረ ጎማ አለዎት። ከግድግዳና ከአሸንዳ ቢያንስ አራት ሜትር ይራቁ። ጉድጓድ አይቆፍሩ፤ መሬቱን በመቆፈሪያ ፈታ አድርገው ግማሽ ሜትር ከፍታና አንድ ሜትር ተኩል ስፋት ያለው የአፈርና የበሰለ ኮምፖስት ጉብታ ይሥሩ፣ ችግኙን በጉብታው አናት ላይ በፕላስቲኩ ውስጥ በነበረበት ልክ ይትከሉት። ፕላስቲኩን ቀድደው ያውጡ፤ ከነፕላስቲኩ የተተከለም አይቻለሁ። አፈሩን በጉዝጓዝ፣ ማለትም በደረቅ ሣር ወይም ቅጠል፣ አሥር ሳንቲሜትር ያህል ያልብሱት፣ ግንዱን ግን አያስነኩት።

ችግኝ ሲገዙ ርካሹን ይጠንቀቁ። በመንገድ ዳር "የተዳቀለ" እየተባለ ከፍሬ የበቀለ ይሸጣል፤ ይህ ለፍሬ ሰባት ወይም አሥር ዓመት ሊያስጠብቅዎ ይችላል፣ ፍሬውም እናቱን አይመስልም። የእውነተኛው መጋጠሚያ እብጠትና የልጥ ልዩነት በዓይን ይታያል፣ በሦስት ወይም በአራት ዓመትም ያፈራል። የዳቀላው ላስቲክ ግንዱን ሲያንቀው ካዩ ይፍቱት። ሻጩ ማንጎ ቢያቀርብልዎ አይግዙ፤ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር በሚበልጠው ከፍታችን ቅጠል እንጂ ፍሬ አይጠብቁበት።

ለጉብታው መሬቱን ሲፈቱም ገመዱን አይርሱ፤ የእርስዎን ብሬከር ማጥፋት በግቢዎ የሚያልፈውን የጎረቤት መስመር አያጠፋም። እርጥብ መሬት ላይ ቆመው ብረት ከመጨበጥዎ በፊት ጎረቤትዎን ይጠይቁ።