የሰነድ ማስረጃ በፍትሐ ብሔር ክርክር፦ ጥያቄና መልስ

ከዚህ በታች «ሥ/ሥ/ሕ» የተባለው በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው፤ «ፍ/ሕ» ደግሞ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ።

ጥያቄ፦ የኪራይ ውል በእጄ አለ። ከክሱ ጋር ላያይዘው ወይስ ዳኛው ሲጠይቁኝ ላቅርበው?

መልስ፦ ከክሱ ጋር ያያይዙት። በሥ/ሥ/ሕ ቁጥር 223 መሠረት የማስረጃ ዝርዝር ከክስ ማመልከቻው ጋር አብሮ ይቀርባል። በእጅዎ ያለው ሰነድ ይያያዛል፤ በእጅዎ የሌለው በማን ዘንድ እንደሚገኝ ይገለጻል። ዝርዝሩ ላይ «ልዩ ልዩ ደረሰኞች» ብሎ ማለፍ አይጠቅምም። የሰነዱን ዓይነት፣ የተጻፈበትን ቀን፣ የገጹን ብዛት፣ ከሁሉም በላይ የትኛውን ነጥብ እንደሚያስረዳ ይጻፉ፦ «የኪራይ ውል፣ 3 ገጽ፣ በክሱ ተራ ቁጥር 2 የተገለጸውን ወርሃዊ ኪራይ ያስረዳል»። ተከሳሾቹ ሁለት ከሆኑ ለፍርድ ቤቱ 1፣ ለእነሱ 2፣ ለራስዎ 1፣ በድምሩ 4 ቅጂ ያዘጋጁ። ዋናውን በጥንቃቄ ይያዙና ክሱ በሚሰማበት ቀን ለማመሳከር ይዘውት ይቅረቡ።

ጥያቄ፦ ተከሳሽ ለሆነ ሰውስ?

መልስ፦ ግዴታው ያው ነው። በቁጥር 234 መሠረት ማስረጃው ከመከላከያ መልሱ ጋር ይቀርባል።

ጥያቄ፦ የሚያስፈልገኝ ሰነድ ያለው በአንድ መሥሪያ ቤት ነው፤ ብጠይቅም አልሰጡኝም። ምን ላድርግ?

መልስ፦ በመጀመሪያ በዝርዝሩ ውስጥ ያስገቡት፤ ቀጥሎ በሥ/ሥ/ሕ ቁጥር 145 መሠረት ፍርድ ቤቱ እንዲያስቀርብልዎ ያመልክቱ። እንዲህ ያለው ጥያቄ ብዙ ጊዜ የሚወድቀው ጥቅል ሆኖ ሲቀርብ ነው። «ያላቸው ሰነድ ሁሉ ይምጣልኝ» ካሉ ተቃራኒው ወገን ማስረጃ ፍለጋ ነው ብሎ ይቃወማል፤ ፍርድ ቤቱም ይስማማበታል። የመሥሪያ ቤቱን ስም፣ የፋይሉን ወይም የደብዳቤውን ቁጥር፣ ዘመኑን፣ ሰነዱ ከጭብጡ ጋር ያለውን ግንኙነት ይግለጹ። በራስዎ ጠይቀው እንዳልተሳካልዎ የሚያሳይ ደብዳቤ ካለ ያያይዙ። ትዕዛዙ ከተሰጠም በኋላ መድረሱን ይከታተሉ፤ መልሱ ሳይመጣ ቀጠሮው ከደረሰ ዝም አይበሉ፣ ትዕዛዙ እንዲደገም ያመልክቱ።

ጥያቄ፦ ክርክሩ ከተጀመረ በኋላ አንድ ደረሰኝ አገኘሁ። አልፎብኛል ማለት ነው?

መልስ፦ የግድ አይደለም፤ በሩ ግን ጠባብ ነው። በሥ/ሥ/ሕ ቁጥር 137(3) እና 256 መሠረት በጊዜው ያልቀረበ ሰነድ የሚታየው በቂ ምክንያት ሲኖር ብቻ ነው። «ረስቼው ነበር» ወይም «ጠበቃዬ ሳያያይዘው ቀረ» ማለት አብዛኛውን ጊዜ አያስኬድም። ሰነዱ በሌላ ሰው እጅ እንደነበረ ወይም መኖሩን ማወቅ የማይችሉ እንደነበሩ ማሳየት ይሻላል። በጽሑፍ ያመልክቱ፤ መቼና እንዴት እንዳገኙት፣ ቀድሞ ለምን እንዳልቀረበ ይግለጹ፤ ቅጂውን ያያይዙ። ባገኙበት ሰሞን ያቅርቡት፤ ይዘውት በቆዩ ቁጥር ምክንያትዎ ይሳሳል።

ፍርድ ቤቱ ካልተቀበለው ጥያቄዎና ውድቅ የተደረገበት ምክንያት በመዝገቡ መስፈሩን ያረጋግጡ። ይህን ብዙ ተከራካሪ ይዘነጋዋል። በይግባኝ ጊዜ ቁጥር 345 አዲስ ማስረጃን የሚፈቅደው በጠባቡ ነው፤ አንዱ መንገድ የሥር ፍርድ ቤት መቀበል የሚገባውን ማስረጃ ሳይቀበል መቅረቱ ነው። በመዝገብ ያልሰፈረ ክልከላ ይዞ ይግባኝ መከራከር እጅግ ከባድ ነው።

ጥያቄ፦ ለጓደኛዬ 80,000 ብር ያለ ጽሑፍ አበደርኩ። ሦስት ምስክሮች አሉኝ። ይበቃሉ?

መልስ፦ ለብድር አይበቁም። በፍ/ሕ ቁጥር 2472 መሠረት ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር የሚረጋገጠው በጽሑፍ፣ በፍርድ ቤት በሚሰጥ የእምነት ቃል ወይም በመሐላ ብቻ ነው። መጠኑ ሕጉ በወጣበት ዘመን ትልቅ ገንዘብ ነበር፤ ዛሬ ከሞላ ጎደል ማንኛውንም ብድር ይነካል። ስለዚህ ምስክር ከመቁጠር ይልቅ ክሱን ቀን፣ ቦታና መጠን ጠቅሰው በግልጽ ይጻፉት፤ ተከሳሹ እያንዳንዱን ነጥብ ለይቶ እንዲያምን ወይም እንዲክድ ያስገድደዋል። የባንክ ማስተላለፊያ ካለ ያያይዙት፣ ነገር ግን ብቻውን የሚያሳየው ገንዘቡ መተላለፉን ነው፤ በብድር ስለመሆኑ ክርክር ይነሳበታል። ተበዳሪዎችም ልብ በሉ፦ ከ500 ብር በላይ መልሻለሁ የሚል ሰውም በዚሁ መንገድ ማስረዳት አለበት። ስትከፍሉ ደረሰኝ ተቀበሉ።

ጥያቄ፦ የውሉ ዋና ጠፍቶ ፎቶ ኮፒ ብቻ ቀርቶኛል።

መልስ፦ ተቃራኒው ወገን ካልካደው ችግሩ ይቀላል። ከካደና ውሉ ሰነዶችን በሚያረጋግጥ አካል ዘንድ የተመዘገበ ከሆነ፣ እዚያ ከተቀመጠው ቅጂ የተረጋገጠ ግልባጭ ይጠይቁ። ካልተመዘገበ መጥፋቱን ራሱን ማስረዳት ይኖርብዎታል። ፍ/ሕ ቁጥር 2003 በጽሑፍ መሆን ያለበትን ውል በምስክር ማስረዳት ይከለክላል፤ ሰነዱ መጥፋቱ፣ መሰረቁ ወይም መበላሸቱ ሲረጋገጥ ግን ይፈቅዳል። መጥፋቱን በጊዜው ለፖሊስ አመልክተው ከነበረ ማስረጃው እዚህ ላይ ይረዳል።

ጥያቄ፦ በቀረበብኝ ውል ላይ ያለው ፊርማ የእኔ አይደለም። እንዴት ልቃወም?

መልስ፦ በመከላከያ መልስዎ ላይ «ፊርማው የእኔ አይደለም» ብለው በቀጥታ ይካዱ። «ክሱን ሙሉ በሙሉ እክዳለሁ» የሚል ጥቅል ክህደት አይበቃም፤ ተለይቶ ያልተካደ ነገር እንደታመነ ሊቆጠር ይችላል። ከዚያ ፊርማው በፎረንሲክ እንዲመረመር ይጠይቁ። ለምርመራው ዋናው ሰነድ ያስፈልጋል፤ በፎቶ ኮፒ ላይ የእጅ ጫናና የቀለም አጣጣል በደንብ አይታይም። ማነጻጸሪያ ይሆን ዘንድ በዚያው ዘመን የፈረሟቸውን ሰነዶች፣ ለምሳሌ የባንክ ወይም የመሥሪያ ቤት ፋይል፣ ይጠቁሙ። ክርክር ከተነሳ በኋላ የሚሰጥ የፊርማ ናሙና ሆን ተብሎ ሊለወጥ ስለሚችል ብቻውን አያስተማምንም።