ጃፓን ከቻይናና ከኮሪያ ምን ወሰደች? ጥያቄና መልስ

ስለ ጃፓን ባህል ጥያቄ በዝቶብኛል፤ የቻልኩትን ልመልስ። ዓመቶቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ጃፓኖች ሁሉንም ነገር የቀዱት ከቻይና ነው ይባላል። እውነት ነው?

መልስ፦ በከፊል። ናራ በ710፣ ኪዮቶ በ794 ዋና ከተማ ሲሆኑ፣ ቀጥ ያሉት መንገዶቻቸው የተቀየሱት የቻይናን ዋና ከተማ ቻንግአንን አርአያ አድርገው ነው። ኪነ ሕንጻው፣ ሕጉ፣ ቀለሙ፣ ብዙው ከዚያ ነው። ግን ይሄ ወሬ ሁሌም ኮሪያን ይዘላል፤ እኔን የሚያናድደኝም እሱ ነው።

ጥያቄ፦ ኮሪያ ደግሞ ምን አደረገች?

መልስ፦ ኧረ ብዙ! በ6ኛው ክፍለ ዘመን ቡዲዝምን ለጃፓን ቤተ መንግሥት በይፋ ያደረሰው ቤክጄ የሚባለው የኮሪያ መንግሥት ነው። ንጉሥ ሶንግ የቡድሃ ምስልና መጻሕፍት ላከ። መነኮሳቱና አናጺዎቹ ተከተሉ። የመጀመሪያውን ትልቅ ገዳም አሱካ ዴራን ያነጹት ከቤክጄ የመጡ ባለሙያዎች ናቸው። የያኔው የጃፓን ንጉሠ ነገሥት አኪሂቶ ራሳቸው በ2001 ከጋዜጠኞች ጋር ሲነጋገሩ፣ ኪዮቶን ዋና ከተማ ያደረገው የንጉሠ ነገሥት ካንሙ እናት ከቤክጄ ንጉሥ ዘር መሆኗ በጥንቱ ዜና መዋዕል እንደተጻፈ አንስተዋል።

ጥያቄ፦ ሰላም ወንድሜ፣ የጃፓን ሸክላ ለምን እንዲህ ገነነ?

መልስ፦ እህቴ፣ ይሄኛው ያሳዝናል። የጃፓኑ ገዥ ቶዮቶሚ ሂዴዮሺ ከ1592 እስከ 1598 ኮሪያን ሲወር፣ መሳፍንቱ ሸክላ ሠሪዎችን ማርከው ወሰዱ። ከእነሱ አንዱ ዪ ሳምፕዮንግ በጃፓን አሪታ አካባቢ ለፖርሲሊን (ነጭና ጠንካራ ሸክላ) የሚሆን ነጭ ድንጋይ አገኘ ይባላል። ከዚያ በፊት ጃፓን ፖርሲሊን አትሠራም ነበር። ጥቂት አሥርት ዓመታት ቆይቶ የሆላንድ ነጋዴዎች ወደ አውሮፓ ይጭኑት ጀመር። የሃጊና የሳትሱማ ሸክላም መነሻው እንዲሁ ነው። ሰዎቹ በግድ የመጡ ስለሆነ፣ «የባህል ልውውጥ» ሲሉት አይዋጥልኝም።

ጥያቄ፦ ጽሕፈታቸውስ?

መልስ፦ ካንጂ የሚሉት የቃል ምልክታቸው የቻይና ነው። ግን ለጃፓንኛ ሰዋስው አልመች ስላለ፣ በ9ኛው ክፍለ ዘመን ገደማ ካንጂውን አቅልለው ካና የሚባሉ የድምፅ ፊደላት አወጡ። እንደ እኛ ፊደል አንዱ ምልክት አናባቢውንም ይይዛል። ወንዶቹ በቻይንኛ መጻፍ ክብር ነው ሲሉ፣ የቤተ መንግሥት ሴቶች ከካናው አንዱ በሆነው በሂራጋና ድንቅ ሥነ ጽሑፍ ሠሩ።

ጥያቄ፦ ኪሞኖ?

መልስ፦ ሥሩ የቻይና ልብስ ነው። ግራው ጎን በቀኙ ላይ የሚደረበውም በ719 በወጣ የቤተ መንግሥት ትእዛዝ ነው።

ጥያቄ፦ የሻይ ሥርዓቱ የራሳቸው አይደለም እንዴ?

መልስ፦ ሥርዓቱ አዎ፤ ዱቄቱ አይደለም። ኤይሳይ የሚባል መነኩሴ በ1191 ከቻይና ሲመለስ የሻይ ዘርና የዱቄት ሻይ አዘገጃጀት አመጣ። ቻይናዎች በኋላ ቅጠሉን ወደ መዘፍዘፍ ሲዞሩ ጃፓኖች በዱቄቱ ጸኑ። በ16ኛው ክፍለ ዘመን የሻይ ሊቁ ሴን ኖ ሪክዩ ሥርዓቱን ወደ ጠባብ፣ ጌጥ አልባ ክፍል አስገባው። በዚያ ዘመን የሻይ ሊቃውንት የኮሪያን ሻካራ ጽዋ እንደ ብርቅ ያዩት ነበር።

ጥያቄ፦ ራመን የሚባለው የኑድል ሾርባስ?

መልስ፦ ከቻይና ስደተኞች ነው፤ ግን የትናንት ነገር ነው፣ ገና መቶ ዓመት ቢያልፈው ነው።