ድሩ የፋብሪካ ቢሆንስ?

ጥያቄ፦ ለእናቴ ጋቢ ገዛሁላት። ሻጩ «የእጅ ፈትል ነው» ብሎ ደህና ብር ተቀበለኝ። አክስቴ ግን ዘርፉን ዳበስ አድርጋ «ይሄማ የፋብሪካ ክር ነው፤ ተሸውደሻል» አለችኝ። በምን ላረጋግጥ?
አንባቢ፣ ከአዲስ አበባ

መልስ፦ እህቴ፣ ሻጩ ላይ ለመፍረድ አትቸኩዪ። አክስትሽ የዳበሰችው ዘርፉን ነው፤ ዘርፍ ደግሞ የድሩ፣ ማለትም በቁመት የሚወጠረው ክር፣ ጫፍ ነው። ዛሬ ሽሮ ሜዳም ሂጂ ጨንቻ፣ አብዛኛው ሸማኔ ድሩን የሚያደራው በፋብሪካ ክር ነው።

ይህ ማጭበርበር አይደለም። ድር ሥራው እስኪያልቅ ተወጥሮ ይቆያል፣ ሲመታም ይውላል። የእጅ ፈትል ወፈር ቀጠን ስለሚል ቀጭኑ ቦታ ላይ ይበጠሳል፤ ሸማኔውም ሲቀጥል ይመሽበታል። ማግ፣ ማለትም በአግድም የሚገባው ክር፣ ግን በመወርወሪያ ገብቶ ያርፋል። ላላ ተደርጎ ቢፈተል ምንም አይሆንም። እንዲያውም ጋቢን የሚያሞቀውና የሚያለሰልሰው ያ ላላ ያለው ማግ ነው። ድሮ ሁለቱም በእጅ ይፈተሉ ነበር። በኋላ እንደ ድሬዳዋው (በ1939 እ.ኤ.አ. የተቋቋመው) ያሉ የጥጥ ፋብሪካዎች ሲመጡ ድሩ ቀስ በቀስ ወደ ማሽን ሄደ፤ ማጉ እንዝርት ላይ ቀረ።

ስለዚህ ማጉን ፈትሺ። ከዘርፉ አጠገብ በአግድም ከሄዱት ክሮች አንዱን በመርፌ ጫፍ ምዘዢ። የእጅ ከሆነ ወጣ ገባ ይላል፣ ጸጉራም ነው፤ አክራሩን ፈትተሽ ሳብ ስታደርጊው ሳስቶ ይለያያል። የፋብሪካው ከዳር እስከ ዳር አንድ ዓይነት ነው። ሰው ሠራሽ ክር ከጠረጠርሽ ቁራጩን ለኩሺው። ጥጥ እንደ ወረቀት ነድዶ አመድ ይሆናል፤ ሰው ሠራሹ ቀልጦ ይጠጥራል።

ማጉ የእጅ ሆኖ ከተገኘ የከፈልሽው አይቆጭሽ። እናቴ ፈታይ ነበረች፤ ልፋቱን አውቀዋለሁ። ጥጡ ተዳምጦ ፍሬው ይወጣል። በደጋን ይነደፋል። የተነደፈው ባዘቶ ለፈትል እንዲመች ተጠቅልሎ አመልማሎ ይሆናል። እንዝርት የሚነሳው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ማታ ቡና ተፈልቶ ወሬ ሲደራ እንኳ የእናቴ እጅ አያርፍም ነበር። ያንን ልቃቂት ገበያ ይዛ ስትወጣ የሚከራከሯት ነገር እስከ ዛሬ ያናድደኛል። የሸማኔው እጅ ይመሰገናል፣ ጥለቱ ይደነቃል፤ ፈታይዋን ግን ማንም አያነሳት። ሌላ ጊዜ ስትገዢ «ማጉን ማን ፈተለው?» ብለሽ ጠይቂ። ጠያቂ ሲበዛ ነጋዴውም ለጥሩ ፈታይ ጨምሮ መክፈል ይጀምር ይሆናል።

እናትሽ ጋቢውን በእጅ፣ ለብ ባለ ውሃ ይጠቡት። አይጠምዝዙት፤ ውሃውን ጨመቅ ጨመቅ አድርገው ዘርግተው ያስጡት። በመጀመሪያው እጥበት ትንሽ ሰብሰብ ይላል፤ የእጅ ፈትል ጠባዩ ነው፣ እንዳይደነግጡ ንገሪያቸው።